ከሱቁ ጓዳ የተከፈተው ትምህርት ቤት



በመሥሪያ ቤት ጠረጴዛ ኋላ ተቀምጦ ባለጉዳይ የሚያስተናግድ ሰው ሁሉ አንድ ነገር ሳያይ አይቀርም። ዕድሜያቸው የገፋ ሽማግሌ ወይም ነጠላቸውን ያጣፉ እናት ወደ ጠረጴዛው ቀርበው «እዚህ ላይ ይፈርሙ» በተባሉ ጊዜ፥ እጃቸው የሚሄደው ወደ ብዕሩ ሳይሆን ወደ ቀለሙ ነው፤ አውራ ጣታቸውን ነክረው በወረቀቱ ላይ ያሳርፉና፥ ምን እንደ ተጻፈበት ሳያውቁ እጅ ነሥተው ይወጣሉ። እኛም ሥራ በዝቶብን ስለምንቸኩል ነገሩን ልብ አንለውም። ነገር ግን ያ ወረቀት የውርስ ወይም የብድር ወይም የመሬት ጉዳይ ሲሆን፥ ሰውዬው የፈረመው ለራሱ ይሁን በራሱ ላይ፥ የምናውቀው ከጠረጴዛው ወዲህ ያለነው ብቻ ነን።

ዛሬ ልተርክላችሁ ያሰብኩት ታሪክ በባሕር ማዶ፥ በተባበሩት የአሜሪካ መንግሥታት በደቡቡ ክፍል የተፈጸመ ነው። በዚያ አገር ይህ የብዕርና የጣት አሻራ ነገር እንደ ቀላል ነገር አልታየም። አስቀድሞ ጥቁሩ ሕዝብ ፊደል እንዳያውቅ በሕግ ታገደ፤ ነፃ ከወጣ በኋላ ደግሞ «ፊደል ስለማታውቅ ምርጫ አይገባህም» ተብሎ በሌላ ሕግ ተገፋ። እነዚህ ሁለት ሕጎች እርስ በርሳቸው የሚቃረኑ ይመስላሉ፤ ዳሩ ግን ያንድ እናት ልጆች ናቸው። በዚህ ጽሑፍ የሚነሡት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን አስቀድሜ አስታውቃለሁ።

በሳውዝ ካሮላይና፥ ስቶኖ በሚባለው ወንዝ አጠገብ፥ በ1739 ባሮች በጌቶቻቸው ላይ ተነሡ። ዐመፁ በጦር ኃይል ከተደመሰሰ በኋላ፥ በሚቀጥለው ዓመት በ1740 የወጣው የባሮች ሕግ፥ ባሪያን መጻፍ ያስተማረ ሰው 100 ፓውንድ መቀጫ እንዲከፍል አዘዘ። ሕጉ በመጀመሪያ የከለከለው ማንበብን ሳይሆን መጻፍን መሆኑን ልብ በሉ። ባሪያ ከጌታው እርሻ ወጥቶ በመንገድ ሲሄድ የይለፍ ወረቀት መያዝ ነበረበት፤ መጻፍ የሚችል ባሪያ ግን የይለፉን ወረቀት ራሱ ለራሱ ይጽፋል፤ ለጓደኛውም ይጽፍለታል። በ1834 በወጣው ሕግ ደግሞ ማንበብን ማስተማርም አብሮ ተከለከለ። እነዚያ ሕግ አውጪዎች ለጽሕፈት ኃይል የሰጡት ግምት፥ ብዙ መምህራን ከሚሰጡት ግምት የበለጠ ነበር ለማለት እደፍራለሁ።

የፈሩትም ነገር በከንቱ የተፈራ አልነበረም። በ1818 ገደማ በሜሪላንድ በባርነት የተወለደው ፍሬድሪክ ዳግላስ፥ ብላቴና ሳለ ወደ ባልቲሞር ከተማ ተልኮ በሚያገለግልበት ቤት፥ እመቤቲቱ ፊደል ታስቆጥረው ጀመረች። ባልዋ ይህን በሰማ ጊዜ፥ ማንበብ ያወቀ ባሪያ ለባርነት አይመችም ብሎ በቁጣ ከለከላት። ብላቴናው ግን ቆሞ ይሰማ ነበርና፥ የነፃነቱ መንገድ በየት በኩል እንደ ሆነ ከራሱ ጌታ አፍ ተማረ። ከዚያ ወዲያ ዳቦ በኪሱ እየያዘ፥ በመንገድ ለሚያገኛቸው ድኾች የነጭ ልጆች እየሰጠ፥ ፊደልን በዳቦ ይለውጥ ጀመር፤ በመርከብ መሥሪያው ግቢም አናጢዎቹ በሳንቃው ላይ የሚያኖሩትን የፊደል ምልክት እያየ መጻፍ ለመደ። በ1836 ከጓደኞቹ ጋር ለመኮብለል ባሰበ ጊዜ የይለፉን ወረቀት የጻፈው እርሱ ራሱ ነበር። ምስጢሩ ወጥቶ በተያዙ ጊዜም የእርሱን ወረቀት ወደ እሳት ጣለው፤ ጓደኞቹም የየራሳቸውን ከብስኩት ጋር አኝከው ዋጡት። በ1838 ኮብልሎ ነፃ ወጣ፤ በ1845 የሕይወቱን ታሪክ አሳተመ።

በ1861 የርስ በርሱ ጦርነት በተነሣ ጊዜ፥ ገና የባርነት ቀንበር በሕግ ሳይሰበር፥ ትምህርት ቤት መከፈት ጀመረ። ሜሪ ፒክ የምትባል ጥቁር መምህርት በቨርጂኒያ፥ በሐምፕተን፥ በአንድ ትልቅ የዋርካ ያህል በሚሰፋ ዛፍ ጥላ ሥር ከጌቶቻቸው ያመለጡትን ሰዎች አስተማረች። በሳውዝ ካሮላይና በቅድስት ሄለና ደሴት በ1862 ፔን የተባለው ትምህርት ቤት ተቋቋመ። አያትና የልጅ ልጅ ባንድ ወንበር ተቀምጠው ባንድ መጽሐፍ ይማሩ ነበር። በ1868 የወጣው የሳውዝ ካሮላይና ሕገ መንግሥት፥ ካረቀቁት ሰዎች የሚበዙት ጥቁሮች ነበሩና፥ የሕዝብ ትምህርት ቤት ለሁሉም እንዲከፈት ደነገገ። እንግዲህ በዚያች ግዛት የሕዝብ ትምህርት ቤት ለድኻው የነጭ ልጅ ሳይቀር ለሁሉም እንዲከፈት የተደነገገው፥ ፊደል ተከልክለው የኖሩት ሰዎች ሥልጣን በያዙ ጊዜ መሆኑ ነው።

ይህ ዘመን ግን አልቆየም። በ1895 ሌላ ሕገ መንግሥት ወጣ። በዚህም ሕገ መንግሥት መሠረት፥ መራጭ ሆኖ ለመመዝገብ የሚፈልግ ሰው ከሕገ መንግሥቱ አንዱን ክፍል ማንበብና መጻፍ፥ ወይም 300 ዶላር የሚያወጣ ንብረት እንዳለው ማስረዳት ነበረበት። በቃሉ ውስጥ «ጥቁር» የሚል አንድም ቃል አይገኝም። ሕጉን ሕግ ያደረገው ከጠረጴዛው ኋላ የተቀመጠው መዝጋቢ ነው። የትኛውን አንቀጽ እንደሚያስነብብ የሚመርጠው እርሱ፤ «አንብበሃል» ወይም «አላነበብክም» የሚለውም እርሱ። ለነጩ አጭሩን ዐረፍተ ነገር አስነብቦ፥ ለጥቁሩ መምህር ጠበቃን የሚያስቸግረውን ሊያመጣለት ይችላል። በሚሲሲፒ በ1890 የተደነገገው ደግሞ ማንበብን፥ ወይም ሲነበብ መረዳትን ወይም መተርጐምን የሚጠይቅ ነበር፤ ትርጓሜውም ትክክል መሆን አለመሆኑን የሚፈርደው ያው መዝጋቢ ነበር። አንዳንድ ጊዜ በመሥሪያ ቤታችን «ደንቡ ነው» ብለን ባለጉዳይ ስንመልስ፥ ደንቡ ምን ያህሉ ደንብ፥ ምን ያህሉ የኛ ፈቃድ እንደ ሆነ ብንጠየቅ መልሱ ሳያስቸግረን አይቀርም።

ከዚህ በኋላ የምናገረው ስለ አንዲት መምህርት ነው።

ሴፕቲማ ፖይንሴት፥ በኋላ በባላቸው ስም ወይዘሮ ሴፕቲማ ክላርክ የተባሉት፥ በቻርልስተን ከተማ በግንቦት ወር 1898 ተወለዱ። አባታቸው በባርነት የተወለዱ ሰው ነበሩ፤ እናታቸው ልብስ በማጠብ ቤተ ሰቡን ይረዱ ነበር። በ1916 የመምህርነት ትምህርታቸውን ሲጨርሱ፥ የቻርልስተን ከተማ ጥቁር መምህራንን በሕዝብ ትምህርት ቤቶቿ ስለማትቀጥር፥ በጀልባ ተሻግረው ጆንስ ወደሚባለው ደሴት ሄዱ። የ18 ዓመት ልጅ ነበሩ።

በደሴቱ ያገኙት ነገር እንዲህ ነው። ሁለት መምህራን 132 ልጆች ያስተምራሉ። ከዚያው አጠገብ ያለው የነጮች ትምህርት ቤት የነበሩት ተማሪዎች ግን ሦስት ብቻ ነበሩ። ወይዘሮ ክላርክ መምህርትም ርእሰ መምህርትም ሆነው 35 ዶላር ሲከፈላቸው፥ የነጮቹ መምህር 85 ዶላር ይቀበል ነበር። የደሴቱ ሰዎች የሚናገሩት ጉላ የተባለውን፥ ከአፍሪካ የመጡ ቃላት ከእንግሊዝኛ ጋር የተዋሐዱበትን ቋንቋ ስለ ነበረ፥ ከከተማ የሚመጣው መጽሐፍ ለልጆቹ ባዕድ ሆነባቸው። ስለዚህ ወጣቷ መምህርት ስለ ዛፉና ስለ ዓሣው፥ ስለ ጥጡና ስለ ጀልባው ልጆቹ ራሳቸው የሚናገሩትን እየሰሙ፥ ልብስ በሚጠቀለልበት ወረቀት ላይ በትልልቁ ጽፈው በግድግዳ ላይ ሰቀሉላቸው። ማታ ማታ ደግሞ ትልልቆቹ ሰዎች ይመጡ ጀመር፤ በመረዳጃ ማኅበራቸው ፊት ቆሞ ንግግር ማንበብ የሚሹ ወንዶች ነበሩና። ደመወዝ የማይከፈልበት ይህ የማታ ትምህርት የኋለኛው ሥራቸው ዘር መሆኑን በዚያን ጊዜ ያወቀው የለም።

በ1919 ወደ ቻርልስተን ተመልሰው ሲያስተምሩ፥ ጥቁሮች መምህራን በከተማው የሕዝብ ትምህርት ቤቶች እንዲቀጠሩ ከቤት ወደ ቤት እየዞሩ ፊርማ አሰባሰቡ፤ በሚቀጥለው ዓመትም ተፈቀደ። በኮሎምቢያ ከተማ ባስተማሩባቸው ዓመታት የጥቁርና የነጭ መምህራን ደመወዝ እኩል እንዲሆን በተነሣው ክርክር ተካፈሉ፤ በ1945 ዳኛ ዌቲስ ዌሪንግ ለመምህራኑ ፈረዱላቸው። በነዚህ ሁሉ ዓመታት የበጋውን ዕረፍት ለራሳቸው ትምህርት እያዋሉ በ1942 የመጀመሪያውን፥ በ1946 ሁለተኛውን ዲግሪ ተቀበሉ። ባላቸው ገና በ1925 ሞተውባቸው ስለ ነበረ፥ አንድ ልጃቸውን በአማቶቻቸው ዘንድ አኑረው ነበር የሚሠሩት። የእናት ልብ ይህን እንዴት እንደ ቻለው፥ እናቶች የሆናችሁ አንባቢዎች ከኔ ይልቅ ታውቁታላችሁ።

በ1954 የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት፥ ልጆችን በቀለም ለይቶ በተለያየ የሕዝብ ትምህርት ቤት ማስተማር ሕገ መንግሥቱን የሚጥስ ነው ብሎ ፈረደ። የደቡቡ ባለሥልጣኖች ተቈጡ። ፍርዱን ያስገኘው የጥቁሮች ዕድገት ብሔራዊ ማኅበር ስለ ነበረ፥ ሳውዝ ካሮላይና በ1956 የመንግሥትና የከተማ ሠራተኛ ሁሉ የዚህ ማኅበር አባል እንዳይሆን የሚከለክል ሕግ አወጣች። ለመምህራንም አባል መሆን አለመሆናቸውን የሚጠይቅ ወረቀት ታደላቸው። ብዙዎች ባዶውን ተዉት ወይም አባልነታቸውን ሸሸጉ። ወይዘሮ ክላርክ ግን አባል ነኝ ብለው ጻፉ። በዚያው ዓመት ከሥራ ተሰናበቱ፤ 40 ዓመት ያገለገሉበትም ጡረታ አብሮ ቀረ። ዕድሜያቸው 58 ዓመት ነበር።

አንባቢ ሆይ፥ እዚህ ላይ ትንሽ እንቆይ፤ ታሪኩ እኛን የደመወዝ ሰዎችን ይመለከታልና። ወይዘሮ ክላርክ ሕጉን በኅብረት ለመቃወም አስበው ለ726 ጥቁሮች መምህራን ደብዳቤ ጻፉ። መልስ የሰጡት 26 ብቻ ነበሩ። ወደ ትምህርት ቤቶቹ የበላይ ኃላፊ አብረን ሄደን እንነጋገር ባሉ ጊዜ 11 ሰዎች እሺ አሉ፤ በቀጠሮው ቀን የተገኙት ግን እሳቸው ጭምር 5 ናቸው።

በነዚያ ሰባት መቶ ሰዎች ላይ ለመፍረድ የሚቸኩል ሰው፥ ከራሱ ቤት ኪራይና ከልጆቹ ወጪ ጋር ይማከር። የተማሩ ሰዎች ናቸው፤ ሕጉ ግፍ መሆኑን ከማንም በላይ ያውቃሉ። ነገር ግን የእንጀራ ገመዳቸው በአሠሪው እጅ ነው። እኔም በወጣትነቴ በሠራሁበት በአንድ መሥሪያ ቤት፥ ባልደረባችን ያለ ጥፋቱ ከሥራ ሲነሣ፥ አሥራ አራት ሰዎች ሆነን ማመልከቻ ለመጻፍ ከተስማማን በኋላ፥ ወረቀቱ ሲዞር ፊርማው ከሦስት ሳያልፍ ቀረ። የኔ ፊርማ ከሦስቱ አንዱ ነበረ ብዬ ልነግራችሁ ብችል ደስ ባለኝ። አልነበረም።

ወይዘሮ ክላርክ ይህን ደብዳቤ በሕይወታቸው ካጋጠሟቸው ታላላቅ ውድቀቶች እንደ አንዱ ቈጥረው ሲናገሩት ኖረዋል። ያገኙበትም ትምህርት መምህራኑን መናቅ አልነበረም። ያልተዘጋጁበትን ነገር በድንገት ጠየቅኋቸው፤ ሰውን አስቀድሞ ማሰናዳት ይገባል አሉ። ትምህርት ሰውን ነፃ ያወጣል የሚለውን ነገር ብዙ ጊዜ እንሰማዋለን። የሚያወጣው ግን ማንኛውም ትምህርት አይደለም፤ በየምስክር ወረቀቱ ብዛትም አይመዘንም። ይህን ለማየት ከሰባት መቶዎቹ መምህራን ወደ ጆንስ ደሴት ገበሬዎች መመለስ ያስፈልጋል።

በጆንስ ደሴት አቶ ኢሳው ጄንኪንስ የሚባሉ፥ በልጅነታቸው ከአራተኛ ክፍል ትምህርታቸውን ያቋረጡ ሰው ነበሩ። አትክልት ወደ ከተማ እያወረዱ ሲነግዱ፥ ከሚገዟቸው ነጋዴዎች ብዙዎቹ ግሪኮች መሆናቸውን አይተው ግሪክኛ ተማሩ። እንደዚህ ያለ ሰው ናቸው። ኋላም አውቶቡስ ገዝተው የደሴቱን ሠራተኞች በየማለዳው ወደ ቻርልስተን ያመላልሱ ጀመር፤ በመንገዱም የምርጫውን ሕግ እያነበቡ ለተሳፋሪው ያስረዱ ነበር። ከተሳፋሪዎቹ አንዲቱ፥ አሊስ ዋይን የተባሉት ሴት፥ ማንበብ ሳይችሉ ከሰሚነት ብቻ የሕገ መንግሥቱን ቃል በቃላቸው አጠኑት። ያም አላረካቸውም፤ በቃል መያዝ ሳይሆን በእውነት ማንበብ እፈልጋለሁ አሉ።

አቶ ጄንኪንስ በ1954 በቴነሲ ተራሮች ወዳለው ሃይላንደር ወደሚባለው ትምህርት ቤት ሄዱ። ይህን ትምህርት ቤት በ1932 ያቋቋሙት ማይልስ ሆርተን የተባሉ ነጭ ሲሆኑ፥ በደቡቡ አገር ጥቁርና ነጭ ባንድ ማዕድ ተቀምጠው የሚማከሩበት ከጥቂቶቹ አንዱ ስፍራ ነበር። በ1955 በጋ ወይዘሮ ሮዛ ፓርክስ ወይዘሮ ክላርክ ይመሩት ወደ ነበረው የሃይላንደር ጉባኤ መጥተው ነበር፤ በታኅሣሥ ወር በሞንትጎመሪ ከአውቶቡሱ ወንበር አልነሣም ያሉት እኚሁ ሴት ናቸው። አቶ ጄንኪንስ በሃይላንደር የጠየቁት ነገር አንድ ብቻ ነበር፤ ለደሴቱ ትልልቅ ሰዎች የማታ ትምህርት ቤት። ሃይላንደርም ያለ ወለድ 1500 ዶላር አበደራቸው፤ የደሴቱ ማኅበርም በዚህ ገንዘብ አንድ አሮጌ ቤት ገዛ። የፊተኛውን ክፍል የሸቀጥ ሱቅ አደረጉት፤ ነጮቹ ሲያልፉ ስኳርና ዱቄት ብቻ እንዲያዩ ነው። ትምህርቱ የሚሰጠው ከኋላ፥ መስኮት በሌለው ጓዳ ውስጥ ነበር። በሱቁም ትርፍ ብድሩን ከፈሉ።

መምህርቷ ማን ትሁን በተባለ ጊዜ ወይዘሮ ክላርክ የመረጧቸው ዘመዳቸውን ወይዘሮ በርኒስ ሮቢንሰንን ነው። ወይዘሮ ሮቢንሰን ጸጉር ሠሪና ልብስ ሰፊ ነበሩ እንጂ መምህርት አልነበሩም፤ እኔም አላውቅበትም ብለው አጥብቀው እንቢ ብለው ነበር። ምርጫው ግን በሁለት ምክንያት የታሰበበት ነው። አንደኛ፥ የጸጉር ሠሪዋ ደምበኞች ጥቁሮች ስለ ሆኑ ከሥራ የሚያባርራት ነጭ አለቃ የለም፤ ከደብዳቤው ውድቀት የተገኘው ትምህርት እዚህ ላይ ሥራ ላይ ዋለ። ሁለተኛም፥ ገበሬውን ከላይ ወደ ታች የማያይ፥ የሚሰማው ሰው ያስፈልግ ነበር።

በጥር ወር 1957 የመጀመሪያው ትምህርት በ14 ሰዎች ተጀመረ። በክረምቱ ወራት የእርሻ ሥራ ስለሚቀል በሳምንት ሁለት ማታ ይማሩ ነበር። ወይዘሮ ሮቢንሰን በመጀመሪያው ምሽት የሕፃናት ማንበቢያ መጻሕፍት ይዘው መጥተው ነበር፤ እጃቸው በመቈፈሪያ የሻከረ ሰዎች ፊት ያን የልጅ መጽሐፍ ሲዘረጉት ግን የማይሆን መሆኑን ወዲያው አወቁ። መጻሕፍቱን ወደ ጎን አድርገው፥ እኔ መምህርት አይደለሁም፥ አብረን እንማራለን፤ ምን መማር ትፈልጋላችሁ ብለው ጠየቁ። መልሱ የሁላችን መልስ ነው። ስማችንን መጻፍ። ልጆቻችን ከሩቅ የሚልኩትን ደብዳቤ ማንበብ። መጽሐፍ ቅዱስን ማንበብ። በፖስታ ዕቃ ማዘዣውንና የሐዋላውን ወረቀት መሙላት። ለምርጫ መመዝገብ።

ከዚያ ወዲያ የትምህርቱ ዕቃ ከኑሯቸው ወጣ። የየሰዉ ስም በካርቶን ላይ ተጽፎ ተሰጠውና በርሳሱን በፊደሉ ላይ እያስኬደ፥ እጁ መንገዱን እስኪለምድ ድረስ ደጋገመው። ሒሳቡም የማዳበሪያና የዘር፥ የነዳጅና የሱቅ ሒሳብ ሆነ። በግድግዳው ላይ የተባበሩት መንግሥታት ድርጅት በ1948 ያጸደቀው የሰብኣዊ መብቶች መግለጫ ተለጠፈ፤ ወይዘሮ ሮቢንሰንም ትምህርቱ ሳያልቅ ይህን ሁላችሁም እንድታነቡት እሻለሁ አሏቸው። ከተማሪዎቹ መካከል ዕድሜያቸው ከ60 ዓመት ያለፈ አንዲት ሴት ነበሩ። አንድ ማታ የሁሉም ስም በጥቁሩ ሰሌዳ ላይ ተደባልቆ ተጽፎ ሳለ፥ ስምዎን ሊያገኙት ይችላሉ ወይ ተብለው ተጠየቁ። ተነሡና በጣታቸው አመለከቱት፤ ፊደሉንም አንድ በአንድ ጠሩት። ወይዘሮ ሮቢንሰን ያን ጊዜ ሰውነታቸውን እንደ ወረራቸው ከብዙ ዓመት በኋላ ሲናገሩ ኖረዋል።

ወሬው በሱቅና በቤተ ክርስቲያን እየዞረ፥ በሚከተሉት ዓመታት በዋድማላውና በኤዲስቶ ደሴቶች፥ በሰሜን ቻርልስተንም እንዲሁ ያሉ ትምህርት ቤቶች ተከፈቱ። የዜግነት ትምህርት ቤቶች ተባሉ። የቴነሲ ባለሥልጣኖች ግን ሃይላንደርን ሊዘጉት ቈርጠው ነበር። በሐምሌ 1959 ፖሊሶች ገብተው ፈተሹ፤ መጠጥ የማይቀምሱትን ወይዘሮ ክላርክን መጠጥ አስቀምጠሻል ብለው ወሰዷቸው፤ ክሱም ኋላ ወደቀ። በ1961 የትምህርት ቤቱ ፈቃድና ንብረት ተወሰደ። ትምህርቱ ግን አስቀድሞ ወደ ማርቲን ሉተር ኪንግ ድርጅት ወደ ደቡብ ክርስቲያን መሪዎች ጉባኤ ተላልፎ ነበር። ጆርጂያ ውስጥ በዶርቼስተር፥ ከባርነት ለወጡ ሰዎች በቀደመው ዘመን በተሠራ ትምህርት ቤት ግቢ፥ ወይዘሮ ክላርክ ከአንድሩ ያንግና ከዶሮቲ ካተን ጋር ሆነው ከየግዛቱ በአውቶቡስ የሚመጡትን ሰዎች ላንድ ሳምንት እያሠለጠኑ ይመልሱ ጀመር። የሚመጡት ገበሬዎች፥ ልብስ ሰፊዎች፥ የቤት ሠራተኞች ነበሩ፤ የሚመለሱት መምህራን ሆነው ነው።

ይህ ሥራ ዋጋ አስከፍሏል። በሚሲሲፒ የጥጥ እርሻ ሠራተኛ የነበሩት ፋኒ ሉ ሃመር፥ በሰኔ 1963 ከዚህ ዓይነት ትምህርት ከቻርልስተን ሲመለሱ በዊኖና ከተማ ተይዘው በእስር ቤት እጅግ ተደበደቡ፤ ከዚያ ድብደባ ሰውነታቸው ፈጽሞ አልተመለሰም። በሚቀጥለው ዓመት ግን በዴሞክራት ፓርቲ ጉባኤ ላይ ቀርበው የደረሰባቸውን ለአሜሪካ ሕዝብ በቴሌቪዥን ተናገሩ።

በራሱ በነፃነቱ ጉባኤ ውስጥም ፍትሕ ሙሉ አልነበረም። ወይዘሮ ክላርክ በአስተዳደሩ ቦርድ ላይ ሲቀመጡ፥ ይህች ሴት ለምን እዚህ ተቀመጠች ብለው የጠየቁ ወንዶች ነበሩ። ሰልፉን ሁሉ እርስዎ ከሚመሩ ሌሎችም መሪዎች እንዲሆኑ ያሠልጥኑ ብለው ለኪንግ በጻፉ ጊዜም፥ ደብዳቤው በስብሰባ ላይ ተነቦ ሠራተኞቹ እንደ ሣቁበት ኋላ ተናግረዋል። እኔ ግን ከዚያ ዘመን ደብዳቤዎች ሁሉ የሚያስቀናኝ ይህ ነው፤ የምትወደውንና የምታከብረውን አለቃ እንዲህ ብሎ መናገር ለማን ይቀላል?

በነሐሴ ወር 1965 የምርጫ መብት ሕግ ጸና። መዝጋቢው ሲፈርድበት የኖረው የማንበብ ፈተና በነዚያ የደቡብ ግዛቶች ታገደ፤ በ1975 በአገሩ ሁሉ ለዘለቄታው ቀረ። አንዳንዶች እንግዲያስ ፈተናው ከቀረ ያ ሁሉ የማታ ትምህርት ምን ጠቀመ ሊሉ ይችላሉ። ሕጉን ያወጣው ግን በየከተማው ተሰልፎ ወደ መዝገብ ቤት የሄደው ሕዝብ ነው፤ ያ ሕዝብም በየጓዳው ያልተማረ ቢሆን ኖሮ ወዴት እንደሚሰለፍ፥ ሲመለስ ምን ብሎ እንደሚከራከር አያውቅም ነበር። ወይዘሮ ክላርክ እንደ ተናገሩት፥ ከ1957 እስከ 1970 ድረስ የተከፈቱት የዜግነት ትምህርት ቤቶች 897 ናቸው። ብዙዎቹ የራሳቸው ቤት አልነበራቸውም፤ በወጥ ቤት፥ በጸጉር ቤት፥ በዛፍ ጥላ ሥር ነበሩ።

ወይዘሮ ክላርክ በ1970 ከሥራ ዐርፈው ወደ ቻርልስተን ተመለሱ። በ1975፥ በ77 ዓመታቸው፥ የቻርልስተን አውራጃ ሕዝብ ለትምህርት ቦርድ አባልነት መረጣቸው፤ በ1956 ከመምህርነት ባሰናበታቸው አስተዳደር ላይ አዛዥ ሆነው ተቀመጡ ማለት ነው። በ1976 የሳውዝ ካሮላይና አገረ ገዢ ከሥራ የተሰናበቱት ያለ አግባብ መሆኑን አመኑላቸው፤ ጡረታቸውም ተመለሰላቸው። ሃያ ዓመት ዘግይቶ ነበር። በታኅሣሥ 15 ቀን 1987 ሞቱ። የሞቱትም በጆንስ ደሴት፥ በ18 ዓመታቸው በጀልባ ተሻግረው 132ቱን ልጆች ባገኙበት ስፍራ ነው።